ጂሚ መርፊና የእንጨት መሙ፦ የተሳሳቱ አመለካከቶች እና እውነታው

አሜሪካዊው ጂሚ መርፊ በ1920ዎቹ መጀመሪያ (ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) በእንጨት በተሠሩ የመኪና መወዳደሪያ መሞች ላይ ስሙ የገነነ አሽከርካሪ ነበር። ስለ እሱና ስለ መሞቹ ከሚነገሩት መካከል ግን ሊታረሙ የሚገባቸው አሉ።

«የእንጨት መም እንደ ቤት ወለል ለስላሳ ስለሆነ ቀላል ነበር።»
መሙ የሚሠራው ጣውላ በማንጠፍ ሳይሆን፣ ቀጫጭን አራት ማዕዘን እንጨቶችን በጠባብ ጎናቸው እያቆሙ እርስ በርስ በሚስማር በማያያዝ ነበር። መርፊ በ1920 የመጀመሪያ ድሉን ያገኘበት የቤቨርሊ ሂልስ መም ኩርባዎቹ እስከ 35 ዲግሪ ያዘመሙ ነበሩ። እንጨቱ ከዝናብና ከፀሐይ የሚጠብቀው ቅባት ስለማይቀባ ቶሎ ይበሰብሳል፤ ስንጣሪውም ከፊት ካለው መኪና ጎማ ሥር እየተፈናጠረ የተከታዩን ፊት ይመታል። ውድድሩ ሳይቋረጥ አናጺዎች ከሥር ሆነው ቀዳዳ የሚደፍኑበት ጊዜም ነበር።

«ከጅምሩ አሽከርካሪ ነበር።»
አልነበረም፤ የጀመረው ከአሽከርካሪው ጎን ተቀምጦ ሞተሩን፣ ጎማውንና ከኋላ የሚመጣውን የሚከታተል መካኒክ ሆኖ ነው።

«የእንጨት መም ሰው ስለሆነ በመንገድ ላይ አይሆንለትም።»
ከሁሉ የራቀው ስሕተት ይህ ይመስለኛል። በጁላይ 1921 ፈረንሳይ ውስጥ ለማን በተባለች ከተማ በተካሄደው ግራንድ ፕሪ (ታላቅ ዓለም አቀፍ የመኪና ውድድር)፣ በልምምድ ወቅት በደረሰበት አደጋ ጎድኑ ተጎድቶ በፋሻ እንደተጠቀለለ፣ በአራቱም ጎማ የሃይድሮሊክ (በፈሳሽ ግፊት የሚሠራ) ፍሬን በነበራት፣ ዱሰንበርግ በተባለች የአሜሪካ መኪና ተሰለፈ። መንገዱ ከውድድሩ ብዛት ተፈረካክሶ ድንጋይ እንደ በረዶ ይዘንብ ስለነበር፣ ራዲያተሩ ተበስቶና አንድ ጎማው ተንፍሶ ነበር የጨረሰው፤ ያም ሆኖ ሁለተኛ የወጣው ራልፍ ዴ ፓልማ የደረሰው ከ15 ደቂቃ ገደማ በኋላ ነው። አሜሪካዊ በአሜሪካ መኪና ግራንድ ፕሪ ለማሸነፍ ዳግመኛ የበቃው በ1967 ነበር። መርፊ ከለማኑ ድል በማግሥቱ ዓመት፣ በ1922፣ ያቺኑ መኪና ሚለር የተባለ ሞተር አስገጥሞ ኢንዲያናፖሊስ 500 የተባለውን ታዋቂ የአሜሪካ ውድድር አሸነፈ።

«የገደለው የእንጨት መም ነው።»
ሴፕቴምበር 15 ቀን 1924 ሕይወቱ ያለፈው በኒው ዮርክ ግዛት ሰራኪዩዝ በሚገኝ የአፈር መም ላይ ነው። እንጨት ግን አልታጣበትም፤ መኪናው ከውስጥ በኩል ካለው አጥር ጋር ሲጋጭ የአጥሩ አግዳሚ ወጋው። እስከዚያ ቀን የሰበሰበውን ነጥብ ማንም ሊደርስበት ባለመቻሉ፣ የዚያ ዓመት የአሜሪካ ሻምፒዮንነት ከሞተ በኋላ ለእሱ ተሰጠ።