በእጩ ጥቆማ ላይ ሥነ ሥርዓታዊ ፍትሐዊነት ምንድን ነው?

ስለ ምርጫ ፍትሐዊነት ሲነሣ ዓይናችን ቶሎ የሚሄደው ወደ ድምፅ ቆጠራው ነው። በዩኒቨርሲቲ ምርጫ ግን ትልቁ ውሳኔ ቀደም ብሎ፣ አስመራጭ ኮሚቴው ማንን በእጩነት እንደሚያሳልፍና ማንን እንደሚጥል በሚመክርበት ክፍል ሊያልቅ ይችላል። ሥነ ሥርዓታዊ ፍትሐዊነት የዚያን ክፍል አሠራር ይመረምራል። መስፈርቱ ጥቆማው ከመጀመሩ በፊት ታውቋል ወይ? ወሳኞቹ ከተወዳዳሪዎቹ ጋር የጥቅም ግንኙነት የላቸውም ወይ? የተጣለውስ ሰው ምክንያቱ ተነግሮት መልስ እንዲሰጥ ዕድል አግኝቷል ወይ?

ከሁሉ የሚከብደው የመጨረሻው ነው፤ የታወቀ ታሪኩም ከዩኒቨርሲቲ የወጣ ነው። የካምብሪጅ ዩኒቨርሲቲ ሪቻርድ ቤንትሌይ የተባለውን ምሁር ጠርቶ ሳያዳምጥ የትምህርት ማዕረጉን ገፈፈው። ጉዳዩን እ.ኤ.አ. በ1723 ያየው የእንግሊዝ ፍርድ ቤት ለቤንትሌይ ፈረደ። ከዳኞቹ አንዱ እግዚአብሔር እንኳ አዳምን ከገነት ያስወጣው «ወዴት ነህ?» ብሎ ጠርቶ፣ ከዛፉ በልቶ እንደሆነም ጠይቆ መሆኑን አስታወሱ። ሁሉን የሚያውቅ አምላክ የአዳምን ቃል ከሰማ፣ አስመራጭ ኮሚቴ ሳይሰማ የሚጥልበት ምን ምክንያት ይኖረዋል?

ጥያቄው እ.ኤ.አ. በ2024 በኦክስፎርድ ዩኒቨርሲቲ ዳግም ተነሣ። ክሪስ ፓተን ከ2003 ጀምሮ የያዙትን የቻንስለርነት የክብር ሥልጣን እንደሚለቁ ሲያሳውቁ፣ የምርጫው ደንብ ተለወጠ። ድምፅ በኢንተርኔት እንዲሰጥ ተወሰነ፤ ቀድሞ ካባ ለብሶ ኦክስፎርድ ድረስ መሄድ ግድ ነበርና ይህ መልካም ነው። አብሮት ግን አንድ ኮሚቴ የእኩልነትንና የብዝኃነትን መርሆዎች እያገናዘበ አመልካቾችን እንዲያጣራ የሚል ሐሳብ መጣ። መርሆዎቹ የሚከበሩ ናቸው። ለማጣሪያነት ሲውሉ ግን አመልካቹ ምን ቢያሟላ እንደሚያልፍ አያውቅም፤ ቢወድቅም የሚከራከርበት ነጥብ አይኖረውም። ተቃውሞው ሲበረታ ዩኒቨርሲቲው ሐሳቡን ትቶ፣ ኮሚቴው በደንቡ የተጻፉትን ክልከላዎች ብቻ እንዲያይ አደረገ።

በኦክቶበር 16 የ38 እጩዎች ዝርዝር ወጣ። የቀድሞው የፓኪስታን ጠቅላይ ሚኒስትርና የኦክስፎርድ ምሩቁ ኢምራን ካን ከእስር ቤት ሆነው አመልክተው ነበር፤ ስማቸው ግን አልነበረም። ዩኒቨርሲቲው ያላለፉት ሰዎች መስፈርት ያላሟሉ ናቸው ከማለት አልፎ ማን በየትኛው እንደወደቀ ለሕዝብ አልዘረዘረም።

እዚህ ላይ መስፈርቶቹን ለይቶ ማየት ያስፈልጋል። አመልካቹ መወዳደር የተከለከለ የዩኒቨርሲቲው ተማሪ ወይም ሠራተኛ መሆን አለመሆኑ በአንድ ሰነድ ይረጋገጣል። ሌላው የደንቡ መስፈርት፣ «ብቁና ተገቢ ሰው» መሆኑ፣ ግን የሰው ፍርድ ይጠይቃል፤ ፍርድ በተሰጠበት ቦታ ሁሉ ምክንያትም መቅረብ አለበት ብዬ አምናለሁ። ካን ቀደም ሲል የተፈረደባቸውና በወቅቱ እስር ላይ የነበሩ ስለሆኑ ውሳኔው ትክክል ሊሆን ይችላል። ቢሆንም መራጩ ትክክል መሆኑን የሚመዝንበት ነገር በእጁ አልገባም። የአመልካቾችን ምስጢር መጠበቅ ተገቢ ክርክር ነው፤ ማመልከቱን ራሱ በይፋ ላሳወቀ ሰው ግን ፈቃዱን ጠይቆ ምክንያቱን ማውጣት ይቻል ነበር።

ሌላው ብዙ ጊዜ የሚዘነጋው ጊዜ ነው። በኦክስፎርድ ዝርዝሩ ከወጣበት ቀን እስከ መጀመሪያው ዙር ድምፅ የነበረው 12 ቀን ብቻ ነው። አቤቱታ ተቀብሎ፣ መርምሮና ወስኖ ስም ለመመለስ ይህ እጅግ አጭር ነው፤ ይግባኝ ሰሚው ከወዲሁ ካልተሰየመ ደግሞ አይሞከርም። የተማሪዎች ኅብረት ምርጫ የምታዘጋጁ አስመራጮች ከዚህ የምትወስዱት ቀላል ሥራ አለ፦ የጥቆማ ማስታወቂያውን በሰሌዳ ስትለጥፉ መስፈርቱን፣ ቅሬታ የሚቀበለውን ሰውና ምላሽ የሚሰጥበትን የመጨረሻ ቀን በዚያው ወረቀት ላይ ጻፉ።