«ጎጃም የት፣ ባሕር የት!» እና ሌሎች ስለ ባሕር ኃይል የሚነገሩ ስሕተቶች

ደብረ ማርቆስ ውስጥ ታሪክ አስተምራለሁ። ስለ ባሕር ኃይል የሚያወሳው ክፍል ላይ ስደርስ ምን እንደሚጠብቀኝ አውቃለሁ። «ቲቸር፣ እኛ ደገኛ ነን። ጎጃም የት፣ ባሕር የት!» ይላል አንዱ፤ ክፍሉ ይስቃል። ልጅ ቢለው አልቀየምም። የሚያናድደኝ የተማረ ሰው፣ ዲግሪ የጫነ ሰው፣ ለቅሶ ድንኳን ውስጥ ቁጭ ብሎ ያንኑ ሲደግመው ነው። ስለዚህ አንዴ በጽሑፍ ልመልስ። ሌሎቹን ስሕተቶች ቶሎ ቶሎ አልፋቸዋለሁ፤ ይቺኛዋን ግን በዋዛ አልለቃትም። ለአገራችን ታሪክ የኛን ዘመን አቆጣጠር፣ ለውጩ እ.ኤ.አ. እያልኩ የአውሮፓውያኑን እጠቀማለሁ።

«የባሕር ኃይል ማለት ብዙ መርከብ ማለት ነው»

አይደለም። ሩሲያ እ.ኤ.አ. በ1904 መገባደጃ ላይ የባልቲክ መርከቦቿን ጃፓንን እንዲወጉ ላከች። ሰባት ወር ገደማ ተጓዙ። በመንገዱ ላይ ድንጋይ ከሰል የሚሞሉበት የራሳቸው ወደብ አልነበራቸውም። ብዙዎቹ ወደቦች በእንግሊዝ እጅ ነበሩ፤ እንግሊዝ ደግሞ የጃፓን ወዳጅ ነበረች። በግንቦት 1905 በጃፓንና በኮሪያ መካከል ወዳለችው ሱሺማ ደሴት ሲደርሱ ሰዉም መርከቡም ዝሎ ነበር። ጃፓኖች በሁለት ቀን ውስጥ ጨረሷቸው። እንግሊዝ የየመኗን ኤደንን እ.ኤ.አ. በ1839 የያዘችው፣ ፈረንሳይም ዛሬ ጅቡቲ ውስጥ ያለችውን ኦቦክን በ1862 የገዛችው ለዚህ ነው። መርከብ የሚያርፍበት፣ የሚጠገንበትና ነዳጅ የሚሞላበት ቦታ ይፈልጋል።

«ብዙ መርከብ ያሰጠመ አሸነፈ»

እ.ኤ.አ. በ1916፣ በአንደኛው የዓለም ጦርነት፣ ጀትላንድ በሚባለው የዴንማርክ ጠረፍ አጠገብ በተደረገው የባሕር ውጊያ እንግሊዝ 14 መርከብ ጠፋባት፣ ጀርመን 11። በቁጥር ከሄድን ጀርመን አሸነፈች። ግን የጀርመን መርከቦች ወደ ወደባቸው ተመለሱ፤ ከዚያ በኋላም አብዛኛውን ጊዜ እዚያው ቆሙ። እንግሊዝ ወደ ጀርመን በባሕር ዕቃ እንዳይገባ የጣለችው ከበባም እንዳለ ቀጠለ። የጀርመን ሕዝብ ዳቦ እያጠረው ሄደ።

«የባሕር በር የሌለው አገር የባሕር ኃይል አይኖረውም»

ቦሊቪያ እ.ኤ.አ. ከ1879 ጀምሮ በተደረገው ጦርነት ጠረፏን በቺሊ ተነጠቀች። እስከ ዛሬ ግን የባሕር ኃይል አላት፤ ቲቲካካ ሐይቅና ወንዞቿ ላይ ይሠራል። እ.ኤ.አ. የ1982ቱ የባሕር ሕግ ስምምነትም የባሕር በር የሌለው አገር በሰንደቅ ዓላማው መርከብ እንዲያሠማራ ይፈቅዳል። የኛ የንግድ መርከቦች ዛሬም የሚሄዱት በዚሁ መብት ነው።

«ወደብ ከተገኘ የባሕር ኃይል ተገኘ»

የዚያኛው ግልባጭ ነው፤ እሱም ስሕተት ነው። የኢትዮጵያ ባሕር ኃይል በ1940ዎቹ ተቋቋመ። ምፅዋ ላይ የጦር ሰፈር ነበረው፤ ኖርዌጂያኖች አሠለጠኑት። በቀይ ባሕር ላይ የተከበረ ኃይል ነበር። ነገር ግን ምፅዋ በ1982 ዓ.ም. በውጊያ ወደቀች። በ1983 ዓ.ም. የቀሩት መርከቦች ወደ የመን ሸሹ። ከኋላው ያለው የብስ ካልጸና ወደብም መርከብም ብቻውን አይቆምም።

«አጼ ቴዎድሮስን የጣላቸው የእንግሊዝ መድፍ ነው»

መድፉ መቅደላ ድረስ እንዴት መጣ? ይህን የሚጠይቅ ተማሪ ባገኝ ደስታዬ ነው። የእንግሊዙ የጄኔራል ናፒየር ጦር ከሕንዷ ቦምቤይ (ከዛሬዋ ሙምባይ) ተነሥቶ ከምፅዋ በስተደቡብ ባለችው የቀይ ባሕር ጠረፍ ዙላ ላይ ወረደ። ከ200 በላይ መርከቦች ተመላለሱ። 13,000 ያህል ወታደርና 44 ዝሆኖች ጭነው መጡ። ዙላ ላይ የመጠጥ ውሃ ስለሌለ መርከቦቹ የባሕሩን ውሃ እያጣሩ ሰዉንም እንስሳውንም አጠጡ። መርከብ የሚራገፍበት የድንጋይ መድረክ ወደ ባሕሩ ዘረጉ። ለጭነቱ የባቡር ሐዲድ ሠሩ። ንጉሠ ነገሥቱ በአገር ውስጥ ዐመፅ መዳከማቸው እውነት ነው። ግን በሚያዝያ 1860 መቅደላ የወደቀችው ሌላ አኅጉር ላይ ተጭኖ የመጣ ሠራዊት ሳይራብ አምባው ሥር ስለደረሰ ነው። ይህ የሆነው ሜዲትራኒያንን ከቀይ ባሕር የሚያገናኘው የስዊዝ ቦይ ከመከፈቱ በፊት ነው። ስዊዝ በኅዳር 1862 ሲከፈት ደግሞ በዚያው ወር የጣሊያን ኩባንያ አሰብ ላይ መሬት ገዛ። ያኔ ያንን የግዢ ውል ከቁም ነገር የቆጠረው ጥቂት ሰው ነበር።

«ጎጃም የት፣ ባሕር የት!»

አሁን ወደ ዋናው ልምጣ።

ከእቴጌ እሌኒ እጀምራለሁ። ጎጃም ውስጥ ሰፊ ርስት ነበራቸው። እነብሴ ላይ መርጡለ ማርያም ያማረ ቤተ ክርስቲያን አሠርተዋል፤ የጥንቱ ሕንጻ ፍርስራሽ አሁንም ይታያል። ተማሪዎቼን ይዤ ስሄድ ድንጋዩ ላይ የተቀረጸውን አበባና ሐረግ በጣታቸው እየተከተሉ ያያሉ። እኔ እዚያው ቆሜ ስለ መርከብ አወራቸዋለሁ፤ ግራ ይገባቸዋል።

ነገሩ እንዲህ ነው። በ16ኛው መቶ ክፍለ ዘመን መጀመሪያ እቴጌይቱ ለልጅ ንጉሥ ለልብነ ድንግል እንደራሴ ነበሩ። ፖርቱጋሎች አፍሪካን ዞረው ሕንድ መድረሳቸውን ሰሙ። ማቴዎስ የሚባል አርመናዊ ደብዳቤ አስይዘው ላኩ። የደብዳቤው ፍሬ ነገር እንዲህ የሚል ነበር፦ በየብስ ሠራዊት አለን፣ በባሕር ግን ኃይል የለንም፤ እናንተ መርከብ አምጡ፣ እኛ ስንቅ እናቀርባለን። ከአምስት መቶ ዓመት በፊት፣ ጎጃም ላይ ቤተ ክርስቲያን የሚያሠሩ ንግሥት፣ ቀይ ባሕርን የያዘ ኃይል የደጋውንም ዕጣ እንደሚወስን ገብቷቸው ነበር። የዛሬው ባለ ዲግሪ ግን «ምን አገባን» ይላል።

ማቴዎስ ሊዝበን የደረሰው እ.ኤ.አ. በ1514 ነው። የፖርቱጋል መልእክተኞች ምፅዋ የወረዱት በ1520 ነው። እቴጌይቱ አርጅተው ነበር፤ ወጣቱ ንጉሥም ነገሩን እንደሳቸው አላየውም። የታሰበው ኅብረት ሳይጸና ቀረ። ከዚያ የኢማም አህመድ ጦርነት መጣ። ኢማሙን የረዱት ነፍጠኞች ከየመን ባሕር ተሻግረው ነው የመጡት፤ ከቱርኮች ነው የተላኩት። አጼ ገላውዴዎስን የረዱት 400 ፖርቱጋሎችም ሐምሌ 1533 ዓ.ም. ከምፅዋ ወደ ደጋው የወጡት በመርከብ መጥተው ነው። አለቃቸው ክሪስቶቮ ዳ ጋማ ተማርኮ ተገደለ፤ የተረፉት ከንጉሡ ጋር ሆነው የካቲት 1535 ወይና ደጋ ላይ፣ ከጣና በስተምሥራቅ፣ ተዋጉ። ኢማሙ እዚያ ወደቁ። ደጋ ላይ የተደረገ ውጊያ ነው፤ የሁለቱም ወገን ጠመንጃ ግን የመጣው በባሕር ነው።

ዓድዋንም ተመልከቱ። የጎጃሙ ንጉሥ ተክለ ሃይማኖት ጦራቸውን ይዘው ዘምተዋል፤ ድሉ የጎጃምም ድል ነው። ጣሊያን ግን ተሸንፎም ምፅዋን አልለቀቀም። ከ40 ዓመት በኋላ ሲመለስ የገባው በዚያው በር ነው።

ጎጃሜን የሚመለከተው ትልቁ ጉዳይ ደግሞ ይኼ ነው። በ1927 እና በ1928 የፋሺስት ወታደር፣ መኪናና ቦምብ በስዊዝ ቦይ አልፎ መጣ። የመንግሥታቱ ማኅበር ማዕቀብ ጣልኩ አለ፤ ነዳጅን አልጨመረም። ቦዩን የሚዘጋም አልተገኘም። እንግሊዝ መዝጋት ትችል ነበር፤ አልዘጋችም። ሰኔ 1932 ጣሊያን ከጀርመን ጎን ተሰልፎ በእንግሊዝ ላይ ጦርነት ሲያውጅ ያው ቦይ ተዘጋበት። ከዚያ ቀን ጀምሮ ምሥራቅ አፍሪካ ያለው የጣሊያን ጦር ጎማ አልመጣለትም፣ ነዳጅ አልመጣለትም፣ ጥይት አልመጣለትም።

አያቴ ቡሬ አካባቢ ያየውን ይነግረን ነበር። የጣሊያን መኪና አራቱም ጎማው ወልቆ ድንጋይ ላይ ተቀምጧል። ጎማው ለሌላ መኪና ተወስዷል። ልጆች ሆነው ሥሩ ገብተው ይጫወቱ ነበር። አያቴ ስዊዝ የት እንደሆነ አያውቅም፤ ያየው ግን የስዊዝን መዘጋት ነው።

ጥር 1933 ንጉሠ ነገሥቱ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ከሱዳን በኦሜድላ ገቡ። የእንግሊዛዊው መኮንን የዊንጌት አነስተኛ ጦር በሺዎች በሚቆጠሩ ግመሎች ስንቅና መሣሪያ አስጭኖ በበለያ በኩል ወደ ጎጃም ወጣ። ብዙው ግመል መንገድ ላይ አለቀ። መጋቢት 28 ንጉሠ ነገሥቱ ደብረ ማርቆስ ገቡ። ምፅዋ በዚያው ሰሞን ወደቀች።

አንድ ጊዜ ይህንን ስናገር የአርበኛ ልጅ የሆኑ አዛውንት ተቆጡኝ። «የአባቶቻችንን ደም ለእንግሊዝ መርከብ ልትሰጠው ነው?» አሉኝ። አይደለም አባባ። በላይ ዘለቀ፣ መንገሻ ጀምበሬ፣ ነጋሽ በዛብህና አብረዋቸው የነበሩት አምስት ዓመት ሙሉ ጠላትን ምሽግ ውስጥ ባያስቀምጡት ኖሮ የተከበበው ጦር ከገበሬው ጎተራ እየበላ ብዙ ይቆይ ነበር። የባሕሩ ከበባ አዲስ ነገር እንዳይገባለት አደረገ፤ አርበኛው ያለውን እንዳይጠቀምበት አደረገ። ሁለቱ አብረው ነው የሠሩት። ይህን ማለት የአርበኛውን ሥራ ከፍ ያደርገዋል እንጂ አያሳንሰውም።

«ያ ድሮ ነው» ለሚሉኝ ደግሞ ማዳበሪያ አለ። እኅቴ ደጀን አጠገብ ጤፍ ታርሳለች። ክረምት ሲቃረብ ጨዋታዋ ሁሉ ማዳበሪያ ነው፤ መጣ፣ አልመጣም፣ ስንት ገባ። ከሞሮኮ የሚጫነው ማዳበሪያ ሜዲትራኒያንን አቋርጦ፣ በስዊዝ አልፎ፣ ቀይ ባሕርን ቁልቁል ወርዶ፣ ባብ ኤል መንደብ የተባለውን ጠባብ የባሕር መተላለፊያ ተሻግሮ ነው ጅቡቲ የሚራገፈው። ከኅዳር 2016 ጀምሮ የየመን ሁቲዎች መርከቦችን ሲመቱ የብዙ ኩባንያ መርከቦች አፍሪካን ዞረው መሄድ ጀመሩ። የመድንና የጭነት ዋጋ ናረ። ሁቲዎች ትልቅ የጦር መርከብ የላቸውም፤ ከየብስ በሚተኮስ ሚሳይልና በድሮን ነው ይህን ያደረጉት። ለማዳበሪያ መዘግየት ሰበቡ ሁሉ ባሕር ነው አልልም፤ የግዢውም የትራንስፖርቱም ችግር የራሱ ድርሻ አለው። ግን የደጀን ማሳ ከባብ ኤል መንደብ ጋር ጉዳይ የለውም የሚል ሰው እኅቴን ያነጋግር። ፈረንሳይ፣ አሜሪካ፣ ጃፓን፣ ጣሊያን፣ እ.ኤ.አ. ከ2017 ጀምሮ ቻይናም ጅቡቲ ላይ የጦር ሰፈር የያዙት ያንን ጠባብ መተላለፊያ ለመጠበቅ ነው። የኛ ነዳጅና ማዳበሪያ የሚያልፈው በነሱ ዐይን ሥር ነው።

ለታሪክ መምህራን

እባካችሁ ውጊያ ስታስተምሩ ከውጊያው ቀን አትጀምሩ። መሣሪያው ከየት መጣ? በማን ወደብ ወረደ? መንገዱን ማን መዝጋት ይችል ነበር? እነዚህን አስቀድማችሁ ጠይቁ። ጉንደትንና ጉራን ስታስተምሩ ግብጽ በምፅዋ እንደገባች ሳትናገሩ አትለፉ። የዓመተ ምሕረት ቁልል ማስሸምደዱን ቀንሱ።

ካርታውንም ቀይሩ። በየትምህርት ቤቱ የተሰቀለው የኢትዮጵያ ካርታ ድንበሩ ላይ ያልቃል፤ ከዚያ ወዲያ ነጭ ነው። ልጁ ባሕር የለም ብሎ ቢያድግ አይፈረድበትም። ከጅብራልታር እስከ ሙምባይ ያለውን የሚያሳይ ካርታ በወረቀት ላይ በማርከር ሣሉ። ስዊዝን፣ ዙላን፣ ምፅዋን፣ አሰብን፣ ጅቡቲንና ኤደንን ምልክት አድርጉ። ደብረ ማርቆስንም እዚያው ላይ አስገቧት።

ከዚያ ባዶ የማዳበሪያ ጆንያ ከቤት ያመጣ ተማሪ ፈልጉ፤ አይጠፋም። ማዳበሪያው የተሠራበት አገር ላዩ ላይ ተጽፎ ከሆነ ልጆቹ ራሳቸው ያንብቡት፤ ከዚያ እስከ ጎጃም ያለውን መንገድ በእርሳስ ያስምሩ። መስመሩ ስዊዝ ላይ ሲደርስ አስቁሟቸውና በ1928 ቦዩ ለማን ክፍት እንደነበር፣ በ1932 ደግሞ በማን ላይ እንደተዘጋ ጠይቋቸው።