ሳሩን ውርጭ ነው የመታው? የግቢ ሳርና ነጭ ትል

ጥቅምት ገባ፣ ደብረ ብርሃን ላይ ውርጩ ጀመረ። በዚህ ሰሞን የግቢ ሳር እዚህም እዚያም ቢጫ ሲሆን ሁሉም ሰው «ውርጭ መታው» ይላል። እኔም አምና እንደዚያ ብዬ ዝም ብዬ ውሃ ሳጠጣ ከረምኩ።

ውርጭ የመታው ሳር ግን ጫፉ ነው የሚደርቀው፣ ሥሩ መሬቱን እንደያዘ ነው። ቢጫ የሆነውን ቦታ ጨብጣችሁ ሳብ አድርጉት። ቅዳሜ ጠዋት አጥር ሥር ያለውን ሳብ ሳደርገው እንደ ምንጣፍ ተጠቅልሎ ተነሳ። ከሥሩ ወተት የመሰለ፣ ጭንቅላቱ ቡናማ፣ እንደ ማጭድ የታጠፈ፣ ስድስት ትንንሽ እግር ያለው ትል ተኝቷል። የጥንዚዛ ልጅ ነው፣ ሥር በላተኛ።

«አንድ ትል ከታየ ሳሩ አለቀለት» የሚሉም አሉ። አይደለም። በቁመትም በወርድም 30 ሳንቲ ሜትር፣ ወደ ታች 10 ሳንቲ ሜትር ያህል ቁረጡና አፈሩን ጆንያ ላይ በትናችሁ ቁጠሩ፣ ሦስት አራት ቦታ ላይ። በአንዱ ቦታ አምስት ካልሞሉ ጤነኛ ሳር ይችላቸዋል። አሥርና ከዚያ በላይ ከሆኑ ግን ዝም አይባልም። ቀላ ያለችውን፣ እግር የሌላትን የምድር ትል እባካችሁ አትንኳት፣ አፈሩን የምታናፍሰው እሷ ናት።

«ውርጩ ይጨርሳቸዋል» የሚባለውም አይሆንም። የኛ አገር ውርጭ ሌሊት ላዩን ያነጣል፣ ረፋድ ላይ ፀሐይ ያቀልጠዋል። ትሉ ከላይ ሲቀዘቅዝበት ጠለቅ ብሎ ይወርዳል። አመድ መነስነስም ያው ነው፣ ላዩ ላይ ቀርቶ ትሉ ጋ አይደርስም።

እኔን የሚያስፈራኝ «ለእህል ከገዛነው የተረፈ መድኃኒት አለ፣ እሱን እንርጨው» የሚለው ነው። መድኃኒት የሚይዘው ትሉ ገና ትንሽ እያለ ነው፣ ከወፈረ በኋላ እምብዛም አይበግረውም። ደግሞ ያ ሳር ላይ ልጆች ይንከባለሉበታል፣ በግ ይግጠዋል፣ ታጭዶ ለቡና ይጎዘጎዛል። ማሸጊያው ላይ ለሳር ነው ካልተባለ አትርጩ፤ የወረዳችሁን የሰብል ጥበቃ ባለሙያ ጠይቁ።

ጋጋኖ ግቢ ገብታ በዚያ በረጅም መንቁሯ መሬቱን ስትወጋ «ሳራችንን አበላሸችው» ብለው የሚያባርሯት አሉ። ሳሩን የጨረሰው ከሥር ያለው ትል ነው፣ እሷ እየለቀመችላችሁ ነው። ለትንሽ ግቢ እጅና ዶሮ ይበቃል፤ የላላውን ሳር ገልጣችሁ ልቀሙ፣ ዶሮዎቹንም ልቀቁባቸው። ከዚያ ሳሩን መልሳችሁ በእግር ጠቅጠቅ አድርጉና ውሃ አጠጡ። ባዶ የቀረው ላይ ከደህናው ቆርጣችሁ ትከሉ። ስታጭዱ ደግሞ እስከ መሬት አትላጩት፣ አራት ጣት ያህል ተዉለት፣ ረዘም ያለ ሳር ሥሩም ጠለቅ ይላል።