መለከቱ ሲነፋ

ወንድሞቼና እኅቶቼ፣ ትንቢተ ዳንኤል ምዕራፍ 3ን ስናነብ ዓይናችን ቶሎ ወደ እሳቱ ይሮጣል። ዛሬ ግን ከእሳቱ በፊት ባለው ድግስ ላይ ትንሽ እንቆይ።

የባቢሎን ንጉሥ ናቡከደነፆር በዱራ ሜዳ ያቆመው የወርቅ ምስል ቁመቱ 60 ክንድ ነው። ከሩቅ እንዲታይ የተሠራ ነገር ነው። መጀመሪያ የተጠሩትም ባለሥልጣናቱ ናቸው፤ መሳፍንቱ፣ አዛዦቹ፣ በጅሮንዶቹ፣ የአውራጃ ገዦቹ። አለቃህ ሲሰግድ አንተ ቆመህ ልትቀር ነው? ከዚያ መለከቱ፣ እንቢልታው፣ መሰንቆው፣ ክራሩ፣ በገናው፣ ዋሽንቱ። መጽሐፉ ይህን ዝርዝር አራት ጊዜ ይደግመዋል። ጮክ ብላችሁ ስታነቡት ጆሮ ያደነዝዛል። ለእኔ ድግግሞሹ ራሱ ያስተምረኛል፤ ድምፁ እንደተሰማ ሰው ሳያስብ ጉልበቱ እንዲታጠፍ ነው የተፈለገው። እምቢ ላለ ደግሞ እቶኑ እየነደደ ይጠብቀዋል።

ባለፈው ሳምንት ማታ ፌስቡክ ላይ ሰው ሁሉ አንድን ሰው ሲረግም አየሁ። ምን እንዳደረገ እንኳ አላነበብኩም። የማከብራቸው ሰዎች ሼር አድርገውታል፣ እኔም ሼር አደረግሁት። የቀዳሁት ሻይ ገና አልቀዘቀዘም ነበር። ማንም አላስገደደኝም። ብቻዬን መቅረት ፈርቼ ነው። ጠዋት አጠፋሁት፤ ያየው ሰው ግን አይቶታል። እግዚአብሔር ይቅር ይበለኝ።

ለምስሉ አንሰግድም ያሉት ሦስቱ አይሁዳውያን ወጣቶች በባቢሎን አውራጃ ሥራ ላይ የተሾሙ ነበሩ። የሚያጡት ነገር ነበራቸው። ንጉሡም በቁጣ ቢያስጠራቸውም ሌላ ዕድል ሰጣቸው፤ ሙዚቃው እንደገና ሲሰማ ብትሰግዱ መልካም ነው አላቸው። አንድ ጊዜ ብቻ ዝቅ ማለት! መልሳቸው አምላካችን ሊያድነን ይችላል፣ ባያድነን እንኳ አንሰግድም የሚል ነበር። እኔን ሁልጊዜ የሚያስቆመኝ ያ «ባያድነን እንኳ» ነው። ውጤቱን ሳያውቁ ነው የወሰኑት።

ቤተ መንግሥቱ ስማቸውን ሳይቀር ቀይሮ ነበር፤ ሲድራቅ፣ ሚሳቅ፣ አብደናጎ። ቤተ ክርስቲያናችን ግን ታኅሣሥ 19 የቅዱስ ገብርኤልን በዓል ስታከብር አናንያ፣ አዛርያ፣ ሚሳኤል ብላ ነው የምታነሣቸው። እናታቸው በጠራቻቸው ስም።

እስኪ ዛሬ ማታ ስልካችሁን ሌላ ክፍል አስቀምጡና ምዕራፉን ከልጆቻችሁ ጋር አንብቡት። ታስረው የተጣሉት ሰዎች በእሳቱ መካከል ተፈትተው ሲመላለሱ የታዩበት ቦታ ስትደርሱ፣ ቀስ በሉ።