በአገሮች መካከል «ደረጃ» ማለት ምንድን ነው?

ባለፈው ጥር እዚህ ባሕር ዳር፣ ሽምብጥ ሰፈር፣ ሰርግ ተጠርቼ ነበር። ዳሱ ጢም ብሏል። ጠላ ይቀዳል፣ ልጆች በወንበሮቹ መሀል ይሯሯጣሉ። በዚህ መሀል አንድ ሽማግሌ ከዘራቸውን ይዘው በሩ ላይ ብቅ አሉ። ዳሱ በሙሉ ብድግ አለ። «ኖር!» «በእግዜር! ኧረ በእግዜር፣ ተቀመጡ!» ፊት ያለው ወንበር ወዲያው ተለቀቀላቸው። ሀብታም አይደሉም፤ በጡረታ የሚኖሩ ሰው ናቸው። ትንሽ ቆይቶ በከተማው ሁለት ሕንፃ ያለው ባለሀብት ገባ። አንዳንዱ ተነሣ። አንዳንዱ ከወንበሩ ትንሽ ከፍ ብሎ መልሶ ተቀመጠ። የቀረው ወሬውን ቀጠለ።

ስለ ዓለም ፖለቲካ ሲወራ «የአገሮች ደረጃ» የሚባለውን ነገር ከዚህ ዳስ በላይ ያስረዳኝ የለም።

ደረጃ ማለት አንዲት አገር በሌሎች አገሮች ዓይን ያላት ቦታ ነው። ከጉልበት የሚለየውም እዚህ ላይ ነው። ጉልበትን ቤትህ ተቀምጠህ መቁጠር ትችላለህ፦ ይህን ያህል ወታደር፣ ይህን ያህል ወርቅ፣ ይህን ያህል ሕዝብ። ደረጃን ግን ማንም ለራሱ አይሰጥም። ለራሱ «ኖር» ብሎ የሚነሣ ሰው አይቼ አላውቅም። ሌላው ሲነሣልህ አለህ፤ ካልተነሣልህ የለህም።

ሌላም ጠባይ አለው። አገሮች ሁሉ አንድ ላይ ሊበለጽጉ ይችላሉ። ሁሉም አንድ ላይ ፊት ሊቀመጡ ግን አይችሉም። የፊት ወንበር የሚባለው ከኋላው ሌላ ወንበር ስላለ ነው። ይህ ቅደም ተከተል ሲረጋና ሲለመድ ተዋረድ ይባላል። ማን ቀድሞ ይናገራል? የማን ፈቃድ ይጠየቃል? በማን ጉዳይ ላይ ነው ባለቤቱ ሳይጠየቅ የሚወሰነው? ይህችን የመጨረሻዋን ጥያቄ ያዙልኝ፤ ጣና ላይ እንመለስባታለን።

ወረቀት ላይ ተዋረድ የለም። የተባበሩት መንግሥታት ድርጅት ቻርተር አንቀጽ 2 ድርጅቱ በአባሎቹ ሉዓላዊ እኩልነት ላይ የቆመ ነው ይላል። አባሎቹ 193 ናቸው። በጠቅላላ ጉባኤው ለእያንዳንዱ አንድ ድምፅ አለው። አዳራሹ ውስጥ ማን የት እንደሚቀመጥ እንኳ የሚለየው በዕጣ ነው። በየዓመቱ አንድ አገር ይወጣለትና የመጀመሪያውን ወንበር ይይዛል፤ ሌሎቹ ከእሱ ጀምሮ በፊደል ተራ ይከተላሉ። እዚያው ድርጅት ውስጥ ግን የጸጥታው ምክር ቤት አለ። ከ15 አባላቱ የአምስቱ ወንበር ቋሚ ነው፦ የአሜሪካ፣ የሩሲያ፣ የቻይና፣ የብሪታንያና የፈረንሳይ። ከአምስቱ አንዷ «አይሆንም» ካለች የውሳኔው ሐሳብ ወደቀ። አሥሩ ለሁለት ዓመት ተመርጠው ገብተው ይወጣሉ። አፍሪካ አንድም ቋሚ ወንበር የላትም።

ለወንበር ሰው ይሞታል? ሞቷል። እ.ኤ.አ. በ1661 አዲስ የስዊድን አምባሳደር ለንደን ሲገባ፣ በአቀባበሉ ሰልፍ ላይ የፈረንሳይና የስፔን አምባሳደሮች ሠረገላዎች ተፋጠጡ። ጥያቄው ማን ከማን ቀድሞ ይሂድ የሚል ነበር። አጃቢዎቹ መሀል መንገድ ላይ ተዋጉ፤ ሰውም ፈረስም ወደቀ። ስፔኖቹ አስቀድመው ተዘጋጅተዋል። የፈረሶቻቸው ማሰሪያ እንዳይቆረጥባቸው ሰንሰለት አስገብተውበት ነበር። ያን ቀን ቀደሙ። የፈረንሳዩ ንጉሥ ሉዊ 14ኛ ግን ለጦርነት ዛቱ፤ በማግስቱ ዓመት ስፔን ቅድሚያውን ለቀቀች።

ይህ ጣጣ የተቃለለው እ.ኤ.አ. በ1815 የአውሮፓ መንግሥታት ቪየና ላይ ሲሰበሰቡ ነው። እኩል ማዕረግ ያላቸው መልእክተኞች መምጣታቸውን በይፋ ባስታወቁበት ቀን ይሰለፉ ተባለ። ቀድሞ የመጣ ቀድሞ ይቆማል። የትንሽ አገር አምባሳደር ቀድሞ ከመጣ ከትልቁ በላይ ይቆማል ማለት ነው። ጥሩ መላ ነው፤ ዛሬም የሚሠራው በዚሁ መንገድ ነው። ደረጃ ግን በዚህ አልጠፋም፤ ወደ ማዕረጉ ዞረ። ለረጅም ጊዜ አምባሳደር የሚላላኩት በአብዛኛው ታላላቆቹ መንግሥታት ነበሩ። ለሌላው የሚላከው ዝቅ ያለ ማዕረግ ያለው «ሚኒስትር» ነው፤ መሥሪያ ቤቱም ለጋሲዮን ይባላል። አዲስ አበባ የኖረ ሰው «ፈረንሳይ ለጋሲዮን» የሚባለውን ሰፈር ያውቃል። ስሙ ከዚያ ዘመን የቀረ ነው። አሜሪካም አዲስ አበባ የነበራትን ለጋሲዮን ወደ ኤምባሲ ያሳደገችው እ.ኤ.አ. በ1949 ነው።

ወደ እኛ ልምጣ። ዐፄ ምኒልክ በ1882 ዓ.ም. መንገሣቸውን ለአውሮፓ ነገሥታት በደብዳቤ አስታወቁ። ከብሪታንያና ከጀርመን የመጣው መልስ፣ ደብዳቤው በኢጣሊያ በኩል መምጣት ነበረበት የሚል ነበር። ሰበቡ የውጫሌ ውል 17ኛ አንቀጽ ነው። በአማርኛው ንጉሠ ነገሥቱ ከፈለጉ በኢጣሊያ በኩል መላላክ ይቻላቸዋል፤ በኢጣሊያንኛው ግን ግዴታቸው ነው። ልዩነቱ የአንድ ግሥ ነው። በዚያች ግሥ ኢትዮጵያ በሞግዚት በኩል የምትናገር አገር ተደርጋ ተቆጠረች። የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. ዐድዋ ላይ ይህ ነገር አከተመ። ብሪታንያም፣ ፈረንሳይም፣ ሩሲያም፣ ኢጣሊያ ራሷም ወኪሎቻቸውን አዲስ አበባ አስቀመጡ። ዳሱ ብድግ አለ።

ግን ሁሉም ከልቡ አልተነሣም። ይህን የምለው ጣናን ይዤ ነው።

ብሪታንያ በግንቦት 1894 ዓ.ም. ከምኒልክ ጋር ባደረገችው የድንበር ውል ውስጥ አንድ አንቀጽ አለ። በዓባይ፣ በጣና ሐይቅና በሶባት ወንዝ ላይ ውኃውን የሚያግድ ሥራ ከብሪታንያና ከሱዳን መንግሥት ጋር ሳይስማሙ እንዳይሠራ የሚል ነው። ብሪታንያ ሱዳን ውስጥ ጥጥ ታለማ ስለነበር ጣና መውጫው ላይ ግድብ ትፈልጋለች። ኢጣሊያ ደግሞ ኤርትራንና ሶማሊያን የሚያገናኝ፣ ከአዲስ አበባ በስተ ምዕራብ የሚያልፍ የባቡር ሐዲድ ትፈልጋለች። በታኅሣሥ 1918 ዓ.ም. ሁለቱ ደብዳቤ ተለዋወጡ። አንተ በግድቡ ደግፈኝ፣ እኔም በሐዲዱ እደግፍሃለሁ ተባባሉ። የሐይቁ ባለቤት አልተጠየቀችም።

እሑድ ጠዋት ጊዮርጊስን ስሜ ሐይቁ ዳር ቁጭ ስል ይህ ነገር ብዙ ጊዜ ትዝ ይለኛል። ከዘጌ በኩል አንድ ሰው በደንገል ታንኳ እንጨት ጭኖ ይመጣል። ታንኳው ግማሹ ውኃ ጠጥቶ ከሐይቁ እኩል ሆኗል፤ ከሩቅ ስታየው ሰውየው ውኃው ላይ የተቀመጠ ይመስላል። የዚህ ሰው አያት እንዲሁ እየቀዘፈ ሳለ፣ የሚቀዝፍበት ውኃ ሮም ላይ በሐዲድ እየተለወጠ ነበር። ተዋረድ ማለት ለእኔ ይህ ነው። ማንም አልመታህም፣ ማንም አልሰደበህም። ስላንተ ሲወራ አንተ ክፍሉ ውስጥ የለህም።

ራስ ተፈሪ፣ በኋላ ዐፄ ኃይለ ሥላሴ፣ ዝም አላሉም። ኢትዮጵያ በመስከረም 1916 ዓ.ም. ከተባበሩት መንግሥታት ድርጅት በፊት የነበረው የመንግሥታት ማኅበር አባል ሆና ነበር። አገባቧም ቀላል አልነበረም። ስለ ባሪያ ንግድና ስለ ጦር መሣሪያ ለይተው ቃል አስገብተዋታል። ራስ ተፈሪ ግን ያችኑ ወንበር ተጠቀሙባት። በሰኔ 1918 ዓ.ም. ለማኅበሩ አባላት አቤቱታ ጻፉ። የብሪታንያ መንግሥት ስለ ሐይቃችን ከሌላ መንግሥት ጋር ይስማማል ብለን ጠርጥረን አናውቅም የሚል ቃል ነበረበት። ብሪታንያም ኢጣሊያም ኢትዮጵያን የማስገደድ ሐሳብ የለንም ብለው ለማኅበሩ መልስ ለመስጠት ተገደዱ። ዕቅዱ እዚያው ቀረ።

ያኔ አንድ ጥይት አልተተኮሰም። የሠራችው ወንበሯ ናት። ልጆቻችን ይህን ታሪክ ከዐድዋ አጠገብ አስቀምጠው ቢማሩት እንዴት ደስ ባለኝ። በተለይ የባሕር ዳር ልጆች።

ወንበር ብቻውን አገር እንደማይጠብቅም ያየነው ብዙ ሳይቆይ ነው። በመስከረም 1928 ዓ.ም. ኢጣሊያ ወረረችን። ማኅበሩ ማዕቀብ ጣለ፤ ነዳጅን ግን አልነካም። ሰኔ 23 ቀን ንጉሠ ነገሥቱ ጄኔቭ ቆመው በአማርኛ ተናገሩ። ከእግዚአብሔር መንግሥት በቀር በዚህ ምድር ላይ ከሌላው የሚበልጥ አገር እንደሌለ አስታወሷቸው። አዳራሹ ሰማ፤ ማዕቀቡ ግን ብዙም ሳይቆይ ተነሣ።

እንግዲህ አገር ደረጃዋን በምን ከፍ ታደርጋለች? አንዱ መንገድ ጦር ሜዳ ነው። ጃፓን እ.ኤ.አ. በ1905 ሩሲያን ስታሸንፍ ዓለም ቀና ብሎ አያት። እ.ኤ.አ. በ1919 ግን ፓሪስ ላይ የዘር እኩልነት በመንግሥታት ማኅበር ቃል ኪዳን ውስጥ ይግባ ስትል፣ አብዛኛው ድምፅ እየደገፋት፣ ሰብሳቢው የአሜሪካው ፕሬዚዳንት ዊልሰን ሁሉም አልተስማማም ብለው ጣሉት። ስለዚህ ድልም ሙሉ ወንበር አይገዛም። ሌላው መንገድ ማኅበር መግባት ነው። የአፍሪካ ኅብረት እ.ኤ.አ. በ2023 የታላላቅ ኢኮኖሚዎችን ስብስብ ቡድን 20ን፣ ኢትዮጵያ በ2024 እነ ቻይናና ሩሲያ ያሉበትን ብሪክስን የተቀላቀሉት አንድም ለዚህ ነው።

እኔ ልቤ የሚያደላው ወደ ሦስተኛው ነው፤ ወደ ሽምግልና። ኖርዌይና ኳታር በሕዝብ ብዛት ትንንሽ አገሮች ናቸው። የተጣሉ ሰዎች ግን ቤታቸው ይመጣሉ። እኛም ይህን መንገድ እናውቀዋለን። የአፍሪካ አንድነት ድርጅት በግንቦት 1955 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ ተመሠረተ። ጥቂት ወራት ቆይቶ አልጄሪያና ሞሮኮ በድንበር ሲዋጉ፣ ዐፄ ኃይለ ሥላሴና የማሊው ፕሬዚዳንት ሞዲቦ ኬይታ ባማኮ ላይ አገናኟቸው፤ ተኩስ ለማቆም ተስማሙ። በየካቲት 1964 ዓ.ም. ደግሞ የሱዳን መንግሥትና የደቡቡ አማፅያን አዲስ አበባ ላይ ታረቁ። ኢትዮጵያ ያኔ ሀብታም አልነበረችም። የራሷ ቤት ውስጥም ብዙ ችግር ነበረባት። ግን ተጠርታ ነበር። ከተማችንም ከ2004 ዓ.ም. ጀምሮ የጣና ፎረምን ስታስተናግድ፣ መሪዎችና የቀድሞ መሪዎች ስለ አፍሪካ ሰላም ሊነጋገሩ ወደዚህ ሐይቅ ዳር መጥተዋል።

ሰርጉ ላይ አጠገቤ የተቀመጠውን ጎልማሳ «እኝህ አባት ማን ናቸው?» ብዬ ጠይቄው ነበር።

«አባቴና አጎቴ በመሬት ተካሰው ዓመታት ሳይነጋገሩ ኖረዋል» አለኝ። «ያስታረቋቸው እሳቸው ናቸው።» ከዚያ ወደ ሙሽራዋ ቤተሰቦች በአገጩ እየጠቆመ «እነሱንም» አለ፤ ሽማግሌው ለእጅ መታጠብ ከወንበራቸው ሲነሡ አየና ማስታጠቢያውን ሊይዝላቸው ፈጥኖ ሄደ።