ሊዮፖልድ ሣልሳዊ በሕዝበ ውሳኔ ተሸንፈው አልወረዱም

ስለ ቤልጅየሙ ንጉሥ ሊዮፖልድ ሣልሳዊ ባስተማርኩ ቁጥር «ሕዝቡ በድምፁ አወረዳቸው» የሚለውን መልስ በቀይ እስክሪብቶ መሰረዝ ሰልችቶኛል። (ዘመኑን ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር እጽፋለሁ።) ማርች 12 ቀን 1950 በተካሄደው ሕዝበ ውሳኔ ከመራጩ ከ57 በመቶ በላይ የሚሆነው፣ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ሳቢያ ከአገር ውጭ የነበሩት ንጉሡ ወደ ሥልጣናቸው እንዲመለሱ ፈቅዷል፤ ችግሩ ግን ደች ተናጋሪው ሰሜን ፍላንደርስ 72 በመቶ ድጋፍ ሲሰጣቸው በአብዛኛው ፈረንሳይኛ ተናጋሪው ደቡብ ዋሎኒያ 42፣ ዋና ከተማዋ ብራስልስ ደግሞ 48 በመቶ ብቻ መስጠታቸው ነበር። ንጉሡ ጁላይ 22 ሲመለሱ የዋሎኒያ ኢንዱስትሪ በአድማ ቆመ፤ ጁላይ 30 በሊዬዥ አጠገብ በምትገኘው ግራስ ቤርለር ዣንዳርሞች (የጸጥታ ኃይሎች) በሰልፈኞች ላይ ተኩሰው አራት ሰዎች ሞቱ። የእርስ በርስ ጦርነት በተፈራበት በዚያው ሰሞን፣ በኦገስት 1 ንጋት፣ ንጉሡ ሥልጣናቸውን ለልጃቸው ለቦዱዊን ለማስተላለፍ ተስማሙ። የወረዱት በድምፅ አሸንፈው፣ በአደባባይ ተሸንፈው ነው።

«ዙፋኑን በ1950 ለቀቁ» የሚሉም አሉ፤ በይፋ የለቀቁት ጁላይ 16 ቀን 1951 ነው።

«የተጠሉት ጦራቸው ለጀርመን እጅ ስለ ሰጠ ነው» የሚለው ግማሽ እውነት ነው። በሜይ 1940 ሚኒስትሮቻቸው አብረዋቸው እንዲሰደዱ ቢማጸኑም እምቢ ብለው ቀሩ፣ በኖቬምበርም ሂትለርን ቤርቸስጋደን ድረስ ሄደው አነጋገሩ። ጀርመኖች አብዛኞቹን የፍላማውያን ምርኮኞች ሲለቁ ዋሎኖቹን በካምፕ አቆይተው ነበር፤ የዋሎን እናት ልጇን በምትጠብቅበት በ1941 ንጉሡ ሊሊያን ቤልስን ማግባታቸው ሲሰማ የተፈጠረውን ቅሬታ ይህን ሳያውቁ መረዳት አይቻልም።

በጣም የሚያበሳጨኝ ግን ጉዳዩን የቋንቋ ጠብ ብቻ አድርጎ ማቅረብ ነው። አንድ ጎበዝ ተማሪዬ ካርታውን በሁለት ቀለም ከፍሎ አመጣልኝ፤ በዋሎኒያ ውስጥ ያሉት ናሙርና ቬርቪዬ በአብላጫ ደግፈዋቸው እንደ ነበር ባሳየሁት ጊዜ ቀለሙ ተበላሸበት። የካቶሊክና የሶሻሊስት፣ የገጠርና የፋብሪካ ልዩነት ከቋንቋው ጋር ተደራርቦ ነበር፤ ስለዚህ መቶኛ ከመጥቀሳችሁ በፊት በየአውራጃው የተሰጠውን ድምፅ ተመልከቱ፤ የትኛው ፓርቲ የት ይበረታ እንደ ነበር አጣሩ፤ የአገር አቀፉን ድምር ለብቻው አትጻፉ።

«መውረዳቸው አገሪቱን አስታረቀ» ለሚሉም፣ ደም መፍሰሱ ቆመ እንጂ ቅሬታው አልቆመም። ብዙ ፍላማውያን አብላጫ ድምፃቸው በአድማ ተሻረ አሉ፤ ዋሎኖቹም በቁጥር እንዳይዋጡ ይሰጉ ጀመር። የቋንቋ ድንበሩ በ1962 በሕግ ተሰመረ፣ በ1993 አገሪቱ ፌዴራላዊ ሆነች፤ ከ1950 ወዲህ ቤልጅየም ሌላ አገር አቀፍ ሕዝበ ውሳኔ አድርጋ አታውቅም።