ኮታ፣ ነጥብ እና የስቴት ሕግ፦ ስለ አፈርማቲቭ አክሽን የተሳሳቱ አመለካከቶች እና እውነታው

ሲያትል ይሁን ሎስ አንጀለስ ወይም ሲልቨር ስፕሪንግ፣ ሀበሾች ተሰብስበው ስለ ልጆች ኮሌጅ ወይም ስለ ሥራ ማውራት ከጀመሩ አፈርማቲቭ አክሽን፣ ማለትም በዘር ወይም በፆታ ወደኋላ ለቀሩ ወገኖች በትምህርትና በሥራ ድጋፍ ወይም ቅድሚያ መስጠት፣ መነሳቱ አይቀርም። አንዱ «እሱማ ቀረ እኮ» ይላል። ሌላው «ለኛ አሁንም አለ» ይላል። ሁለቱም እርግጠኞች ናቸው።

ግራ መጋባቱ አይገርምም። አብዛኞቻችን ነገሩን የምናውቀው ከአገር ቤት ነው። የኢትዮጵያ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 35 ሴቶች ካለፈው በደል የተነሳ የድጋፍ እርምጃ ይገባቸዋል ይላል። ዩኒቨርሲቲ መግቢያ ላይ የሴቶች መቁረጫ ነጥብ ዝቅ ይል ነበር፤ ለታዳጊ ክልል ተማሪዎችም እንዲሁ። ነጥቡ በይፋ ይነገር ነበር፣ ሁሉም ያውቀው ነበር። ይህን ይዘን አሜሪካ ስንገባ እዚህም አንድ ሕግና አንድ ነጥብ ያለ ይመስለናል። ግን እዚህ የፌዴራሉ ሕግ፣ የየስቴቱ ሕግ፣ የፍርድ ቤት ውሳኔና የሕዝብ ድምፅ ተደራርበዋል። ስለዚህ አንድ ሰው «ይቻላል» ወይም «አይቻልም» ሲላችሁ መልሳችሁ ጠይቁት፦ የት ስቴት? የመንግሥት ነው የግል? ትምህርት ነው ሥራ?

ከዚህ በታች ያሉት ዓመታት በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

«ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ2023 ሁሉንም አጠፋው»

ውሳኔው የወጣው ጁን 29 ቀን 2023 ነው። የተከሰሱት ሃርቫርድ እና የኖርዝ ካሮላይና ዩኒቨርሲቲ ነበሩ። ፍርድ ቤቱ ያለው ኮሌጆች ተማሪ ሲመርጡ ዘርን መመዘኛ ማድረግ አይችሉም ነው። የቅጥር ጉዳይ አልቀረበለትም፤ አልወሰነበትምም።

ትምህርቱም ቢሆን በዚያ ቀን ድንገት አልተለወጠም። ካሊፎርኒያ፣ ዋሺንግተን፣ ፍሎሪዳ፣ ሚሺጋን፣ ነብራስካ፣ አሪዞና፣ ኒው ሃምፕሻየር፣ ኦክላሆማ እና አይዳሆ በመንግሥት ኮሌጆቻቸው ቀድመው ከልክለውት ነበር። ኦክላንድ ተወልዶ የካሊፎርኒያ መንግሥት ዩኒቨርሲቲ ለሆነው ለበርክሌይ ያመለከተ ልጅ ወላጆቹ ዜናውን በድንጋጤ ቢሰሙም፣ ለበርክሌይ ጉዳዩ ካበቃ ሩብ ምዕተ ዓመት አልፎታል።

«የሚከለክሉት ስቴቶች ሕጋቸው አንድ ነው»

ይሄ ሰዎች ብዙም የማያዩት ነገር ነው፤ ለእኔ ግን ከሁሉም የሚገርመኝ እሱ ነው።

ካሊፎርኒያ በ1996 ፕሮፖዚሽን 209ን በሕዝብ ድምፅ አጸደቀች። ዋሺንግተን ስቴት ከሁለት ዓመት በኋላ ኢኒሼቲቭ 200ን አሳለፈች። የሁለቱ ጽሑፍ መንታ ነው ማለት ይቻላል፦ መንግሥት በሥራ፣ በትምህርትና በኮንትራት በዘር፣ በፆታ፣ በቀለም ወይም በትውልድ አገር ምክንያት ማንም ላይ አድልዎ አያደርግም፣ ለማንም ቅድሚያ አይሰጥም።

ፍርድ ቤት ሲደርስ ግን ተለያዩ። ሳን ሆሴ ከተማ ሥራ የሚወስዱ ተቋራጮች የአናሳዎችንና የሴቶችን ድርጅቶች ፈልገው እንዲያነጋግሩ ትጠይቅ ነበር። የካሊፎርኒያ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ2000 ይሄም ክልክል ነው አለ። የዋሺንግተኑ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደግሞ በ2003 የሲያትል ትምህርት ቤቶችን ጉዳይ ሲያይ ለዘብ አለ። የተከለከለው በዘር ወይም በፆታ ምክንያት ብቃቱ ያነሰውን ከተሻለው ማስቀደም ነው ሲል ተረጎመው።

ካሊፎርኒያ ክልከላውን ያስገባችው ሕገ መንግሥቷ ውስጥ ነው። ለመሻር የግድ ሕዝቡ መጠየቅ አለበት። በ2020 ተጠየቀ፤ ፕሮፖዚሽን 16 ይባል ነበር። 57 በመቶ ያህሉ እምቢ አለ። በዚያው ቀን ባይደንን በሰፊ ልዩነት የመረጠችው ካሊፎርኒያ ናት ይህን ያለችው። በአሜሪካ ፖለቲካ «ዴሞክራት ስቴት ነው፣ ስለዚህ...» ብሎ መደምደም እንዲህ ያሳፍራል።

የዋሺንግተኑ ግን ተራ ሕግ ነው። ምክር ቤቱ በኤፕሪል 2019 ኢኒሼቲቭ 1000 በሚባል ሕግ ለወጠው። ተቃዋሚዎች ፊርማ አሰባስበው ለሕዝብ ድምፅ አቀረቡትና በኖቬምበር በጥቂት ድምፅ ወደቀ። የ1998ቱ ሕግ እንዳለ ቀጠለ። በጃንዋሪ 2022 ገዢው ጄይ ኢንስሊ አንድ የድሮ መመሪያ ሲሽሩ ሕጉ ራሱ የተሻረ የመሰለው ሰው ብዙ ነበር። የተሻረው በ1998 የወጣው የገዢው መመሪያ ነው። ሕጉ አልተነካም።

ፍሎሪዳ ደግሞ ሕዝቡን አልጠየቀችም፤ በ1999 ገዢው ጄብ ቡሽ በትእዛዝ አስቀሩት። ኮሎራዶ በ2008 ተመሳሳይ ክልከላ ቀርቦላት መራጮቿ ውድቅ አደረጉት።

«ለጥቁር ተማሪ ነጥብ ይጨመራል»

የሚጨመርበት ቦታ ነበረ። የሚሺጋን ዩኒቨርሲቲ ከ150 ነጥብ 20ውን ለጥቁር፣ ለሂስፓኒክና ለአሜሪካ ተወላጅ አመልካቾች ይሰጥ ነበር። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ2003 አገደው። ከዚያ በኋላ በይፋ ነጥብ መደመር የትም አልተፈቀደም። እስከ 2023 የተፈቀደው ዘርን ከብዙ ነገሮች እንደ አንዱ አድርጎ ማየት ነበር። የሚሺጋን ሕዝብ ያንንም በ2006 ከለከለ፣ 58 በመቶ ድምፅ አግኝቶ።

«ክልከላው ምንም አልለወጠም»

ለውጧል። ሎስ አንጀለስ ያለው የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ (ዩሲኤልኤ) በ2006 ከ4,800 በላይ ከሆኑ አዲስ ገቢዎች ውስጥ 96 ብቻ ጥቁር ተማሪዎች እንደሚመዘገቡ ሲታወቅ ከተማው ተንጫጫ። የሚሺጋን ዩኒቨርሲቲ ለጠቅላይ ፍርድ ቤት እንደነገረው፣ የጥቁር ተማሪዎቹ ድርሻ በ2006 ከነበረው 7 በመቶ አካባቢ በ2021 ወደ 4 በመቶ ወርዷል። የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲዎች ዘርን ሳይጠቅሱ ተማሪ ለመሳብ ከግማሽ ቢሊዮን ዶላር በላይ አውጥተናል ብለዋል።

ቴክሳስ ሌላ ዘዴ አገኘች። በ1996 ፍርድ ቤት ሲከለክላት፣ በቀጣዩ ዓመት ከእያንዳንዱ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ከክፍሉ ከፍተኛው 10 በመቶ ውስጥ ያለ ልጅ የስቴቱን ዩኒቨርሲቲዎች በቀጥታ እንዲገባ የሚያደርግ ሕግ አወጣች። ኦስቲን ያለው ዩኒቨርሲቲ ስለተጨናነቀ ለእሱ መቶኛው ጠቧል እንጂ ሕጉ ዛሬም አለ። ዳላስና ሂዩስተን ያላችሁ ወላጆች፣ የልጃችሁ ደረጃ በገዛ ትምህርት ቤቱ ውስጥ ስንተኛ እንደሆነ ማወቅ ስለ ዘር ከመከራከር የበለጠ ይጠቅማችኋል።

«ልጄ ኢትዮጵያዊነቱን ማመልከቻው ላይ መጥቀስ አይችልም»

ይችላል። ዋና ዳኛው ጆን ሮበርትስ ራሳቸው በ2023ቱ ውሳኔ፣ አመልካቹ ዘሩ ሕይወቱን እንዴት እንደነካው ቢጽፍ ዩኒቨርሲቲው ማንበብና ማገናዘብ ይችላል ብለዋል። ግን ከልጁ ጥንካሬ ወይም ችሎታ ጋር መያያዝ አለበት። ለእናቱ ሐኪም ቤት እያስተረጎመ ያደገ ልጅ ያንን ይጻፍ። «ጥቁር ነኝ» የሚለው ብቻውን ግን ዋጋ የለውም። ድርሰቱን የኋላ በር አድርገው ዘርን የሚቆጥሩ ኮሌጆችንም ዳኛው አስጠንቅቀዋል።

ብዙ ወላጅ የማያውቀው ሌላ ነገር፦ የቀድሞ ተመራቂ ልጅን የማስቀደም ልማድ በፌዴራል ደረጃ አልተከለከለም። እሱንም የሚከለክሉት ስቴቶች ናቸው። ኮሎራዶ በ2021 በመንግሥት ኮሌጆች ጀመረች። በ2024 ቨርጂኒያ፣ ሜሪላንድ፣ ኢሊኖይ እና ካሊፎርኒያ ተከተሉ። የካሊፎርኒያው እንደ ስታንፎርድ ያሉ የግል ዩኒቨርሲቲዎችን ጭምር ይመለከታል። ፕሮፖዚሽን 209 ግን የግሎቹን አይነካም።

«መሥሪያ ቤቶች የጥቁር ኮታ አላቸው»

የግል ቀጣሪ ኮታ እንዲሞላ የሚያዝ አጠቃላይ ሕግ አልነበረም። የነበረው ፕሬዚዳንት ጆንሰን በ1965 ያወጡት ትእዛዝ ነው። ከፌዴራል መንግሥት ሥራ የሚወስዱ ድርጅቶችን ይመለከት ነበር። ትልልቆቹ ድርጅቶች ዕቅድ እንዲያወጡና የሚደርሱበትን ግብ እንዲያስቀምጡ ይጠየቁ ነበር፤ ደንቡ ግቡ ኮታ አይደለም ብሎ በግልጽ ጽፏል። ፕሬዚዳንት ትራምፕ ጃንዋሪ 21 ቀን 2025 ትእዛዙን ሻሩት። ለአካል ጉዳተኞችና ለቀድሞ ወታደሮች ያለው ግዴታ ግን በኮንግረስ ሕግ የቆመ ስለሆነ በፊርማ አይሻርም። እንደ ኮነቲከትና ሚኔሶታ ያሉ ስቴቶችም ለገዛ መንግሥት ሠራተኞቻቸው የራሳቸውን ዕቅድ ለብዙ ዓመት በሕግ ሲጠይቁ ኖረዋል።

ቀጣሪ በራሱ ፈቃድ የሚያደርገው ነገርስ? እዚህ ላይ የዳያን ጆይስ ታሪክ ደስ ይላል። የካሊፎርኒያው ሳንታ ክላራ ካውንቲ የመንገድ ሥራ ስምሪት ሠራተኛ ፈለገ። በዚያ የሙያ ዘርፍ 238 ቦታ ነበር፤ አንድም ሴት አልነበረባቸውም። ጆይስ በቃለ መጠይቁ 73 አገኘች፣ ፖል ጆንሰን የሚባለው ተወዳዳሪዋ 75። ሥራው ለእሷ ተሰጠ፣ እሱ ከሰሰ። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ1987 ለካውንቲው ፈረደ፤ ሁለቱም ብቁ ናቸው፣ ፆታ ከብዙ ነገሮች አንዱ ሆኖ ቢታይ ችግር የለውም አለ። ከዘጠኝ ዓመት በኋላ የካሊፎርኒያ ሕዝብ ፕሮፖዚሽን 209ን ሲያጸድቅ ግን ያው ካውንቲ እንዲያ ማድረግ አልቻለም። ፌዴራሉ የፈቀደውን ስቴቱ ከለከለ።

«ክልከላ ካለ አድልዎም ተፈቅዷል ማለት ነው»

ጉዳት የሚያመጣው ስህተት ይሄ ነው። ሰዎች «አሁን ሕጉ ቀርቷል፣ ቢያዳሉብኝም የምሄድበት የለም» ብለው ይቀመጣሉ። ቅድሚያ መስጠትን የከለከለው ዓረፍተ ነገር አድልዎንም ከልክሏል እኮ! ፀረ አድልዎ ሕጎቹ አልተነኩም። የ1964ቱ የፌዴራል ሕግ 15 ሠራተኛና ከዚያ በላይ ያለውን ቀጣሪ ሁሉ ይይዛል። የስቴቶቹ ብዙ ጊዜ ከዚያ ጠንከር ይላል፦ ዋሺንግተን ስቴት ከ8 ሠራተኛ ይጀምራል፣ ካሊፎርኒያ ከ5። ዋሺንግተን ዲሲ ውስጥ ዝቅተኛ ቁጥር የለም።

ለእኛ ሰው በተለይ አክሰንት ይነሳል። «አነጋገርህ አይገባም» ብሎ እድገት መከልከል የትውልድ አገር አድልዎ ሊሆን ይችላል። ቀጣሪው አክሰንቱ ሥራውን በእርግጥ እንደሚያሰናክል ማሳየት አለበት። ስልክ ለሚያነሳ ሰው ምናልባት ያስኬዳል። መጋዘን ውስጥ ዕቃ ለሚደረድር ሰው አያስኬድም።

ጊዜው ግን አይጠብቅም። ኢኢኦሲ ለሚባለው የፌዴራል ኮሚሽን አቤቱታ የሚቀርበው በ180 ቀን ውስጥ ነው፤ ስቴቱ ተመሳሳይ ሕግና መሥሪያ ቤት ካለው 300 ቀን ይሆናል። ለዋሺንግተን ስቴት የሰብዓዊ መብት ኮሚሽን 6 ወር ነው፣ ለዲሲው ቢሮ አንድ ዓመት፣ ለካሊፎርኒያው 3 ዓመት። «እስቲ ይሻሻል እንደሆነ ልየው» እያለ ጊዜው ያለፈበት ሰው ብዙ ነው። ስላመለከታችሁ ብቻ መበቀልም በራሱ ሕግ መጣስ ነው።

«ሕጉ የሚጠብቀው ጥቁሮችን ነው»

ሁሉንም ይጠብቃል። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ነጮችንም እንደሚያካትት ከ1976 ጀምሮ ተናግሯል። በጁን 2025 ደግሞ ኦሃዮ ውስጥ የተነሳ ክስ ላይ ዘጠኙም ዳኞች ተስማምተው፣ የብዙኃኑ ወገን የሆነ ከሳሽ ከሌላው የተለየ ተጨማሪ ማስረጃ አይጠየቅም አሉ።

«በራሴ ሱቅ የፈለግኩትን ሰው እቀጥራለሁ»

ይሄኛውን የምንናገረው ዝቅ ባለ ድምፅ ነው። ሬስቶራንት ወይም ገበያ የከፈተ ሰው የራሱን ሰው መቅጠር ይቀለዋል። አማርኛ የሚችል ሠራተኛ መፈለግ ሥራው ከጠየቀ ያስኬዳል፤ ደንበኛው በአማርኛ ያዝዛልና። «ሀበሻ ብቻ» ብሎ መለጠፍ ግን ሌላ ነገር ነው። አማርኛ የሚችል ሌላ አገር ሰው ቢመጣስ? «የእገሌ ብሔር ከሆነ አልፈልግም» ማለትማ በግልጽ አድልዎ ነው።

«ሠራተኞቼ አምስት ናቸው፣ ማን ያየኛል» የሚልም አለ። የኢሚግሬሽን ሕጉ ከ4 እስከ 14 ሠራተኛ ያለውን ቀጣሪ በትውልድ አገር ምክንያት እንዳያዳላ ይከለክለዋል፤ አቤቱታው የሚሄደው ወደ ፍትሕ መሥሪያ ቤቱ ነው፣ በ180 ቀን ውስጥ። ከአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት ማግስት፣ በ1866 የወጣው ሕግ ደግሞ በውል ጉዳይ፣ ቅጥርም ውል ነውና፣ የዘር አድልዎን ሲከለክል የሠራተኛ ቁጥር አይጠይቅም። አንድ አስተናጋጅ ብቻ ያለውንም ቤት ይመለከታል።